ከቤይሩት የሚላኩልኝ ስሞች

ልጄ ለምትወለደው ልጇ ስም አውጪልኝ አላለችኝም። ትርጉሙን አጣሪልኝ ነው ያለችኝ። ሁለቱ የተለያየ ነገር መሆኑን እሷ ልብ ያለችው አይመስለኝም። እኔ ግን መልእክቷን እንደሰማሁ ነው ልብ ያልኩት።

በእኛ አገር፣ በመካነ ሰላምና በዙሪያዋ፣ ሴት ልጅ የመጀመሪያ ልጇን የምትወልደው እናቷ ቤት ነው። ሆዷ ሲገፋ ወደ እናቷ ትመጣለች። ስታምጥ እናቷ ወገቧን ትደግፋታለች፣ ገላዋን ታጥባታለች፣ አናቷን ቅቤ ትቀባታለች፣ እስክትጠነክር ድረስ ታርሳታለች። የአባት ወገን የፈለገውን ስም ቢያወጣም የእናት እናት የምታወጣው ስም አይቀርም። ልጁ ሁለት ሦስት ስም ይዞ ያድጋል፣ በየቤቱም በየስሙ ይጠራል። የእኔ ልጅ ግን ያለችው ቤይሩት ነው። የሰው ቤት ልትሠራ ሄደች፣ ከአሠሪዎቿ ቤት ወጣች፣ እዚያው ያገኘችውን ያገሯን ልጅ አገባች። መኖሪያ ወረቀት የላትም። ከመጣች መመለሻ የላትም፣ እዚያ ካለች ደግሞ መምጫ የላትም። ባሏን የማውቀው በስልክ ነው። ድምፁ የጨዋ ሰው ድምፅ ነው። ከዚያ ሌላ ስለ እሱ የማውቀው የለም።

እኔ የተማርኩት እስከ አራተኛ ክፍል ነው። ባሌ ካረፈ ወዲህ ከመናኸሪያው ጀርባ ጉልት ላይ ሽንኩርትና በርበሬ እሸጣለሁ። አነባለሁ፣ ግን ቀስ ብዬ ነው። ልጄ ይህን ስለምታውቅ አትጽፍልኝም፣ ድምፅ ትልክልኛለች። ኔትወርክ ካለ ወዲያው እሰማዋለሁ፣ ከሌለ በማግስቱ እሰማዋለሁ፣ የጠፋበት ጊዜ ረጅም ከሆነ ደግሞ አንድ ላይ ተከማችቶ ይመጣል። ያን ቀን የመጣው እንዲህ ይላል፦

«እማ፣ እንደምን አለሽ? በማሽን አይተው ሴት ናት አሉኝ። ከኢንተርኔት ላይ ስም እያየሁ ነው። ትርጉሙንም ከየት እንደመጣም ይናገራል፣ ግን ልክ ይሁን አይሁን አላውቅም። የሚያውቅ ሰው ጠይቀሽ አጣሪልኝ፣ እሺ? ልጄ ትርጉሙ የማይታወቅ ስም ተሸክማ እንድትዞር አልፈልግም። እኔ ተሸክሜ አይቼዋለሁ።»

እንዲህ ያለችው አሠሪዎቿ ስሟን መጥራት ከበዳቸውና ሌላ ስም አውጥተውላት ስለነበር ነው። ምን ማለት ነው ብላ ብትጠይቃቸው አናውቅም አሏት። ከእሷ በፊት የነበረችውም ሠራተኛ በዚያው ስም ነበር የምትጠራው።

የመጀመሪያው የላከችው ስም ኤልዳና የሚል ነው። ስልኩ ግዕዝ ነው፣ የእግዚአብሔር ስጦታ ማለት ነው ይላል። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ የነፍስ አባቴን ቅጽሩ ጥግ ጠበቅኋቸውና ጠየቅኋቸው።

«ግዕዝ ነው ይላል?» አሉኝ።

«አዎ አባ።»

«እኔ በግዕዝ አላገኘሁትም። ኤል የሚለው አምላክ ነው፣ ከዕብራውያን የመጣ ነው። የቀረውን አላውቅም። የማላውቀውን ነው ብዬ ልንገርሽ?»

«አይ፣ አባ።»

«እንግዲያው አላውቅም ብለዋል በያት። የክርስትና ስሟን እንደሆነ የሚያጠምቋት ካህን ይሰጧታል። አትጨነቂ።»

አትጨነቂ የሚለኝ ሰው ብዙ ነው። በር ቆልፌ ከወጣሁ በኋላ ተመልሼ የምገፋ ሰው ነኝ። ልጄ በአቀስታ በኩል ወደ ደሴ በሚሄደው ሚኒባስ የተሳፈረች ቀን፣ የመኪናው በር በደንብ መዘጋቱን ሦስቴ አስጠይቄ ሾፌሩን አስቆጥቼዋለሁ። ስም ማጣራት ለእኔ ቀላል ነገር አልነበረም። የተሳሳተ ትርጉም ብነግራት ያች ልጅ ዕድሜዋን ሙሉ በእኔ ስሕተት ትጠራለች ብዬ አስባለሁ።

ስለዚህ አንድ መንገድ አገኘሁ። ስሙን የያዘ ሰው ፈልጌ ማን እንዳወጣለትና ለምን እንዳወጣለት መጠየቅ ጀመርኩ። በገበያ ቀን ከየቀበሌው ሰው ይመጣል። አንዷን ሽንኩርት እየመዘንኩላት እጠይቃለሁ፣ አንዷን ባቄላ እየገዛኋት እጠይቃለሁ። ልጄ ስንታየሁ የሚል ስም ላከችልኝ፣ ስልኩ ብዙ ያየ፣ ልምድ ያለው ይለዋል። ይህን ስም የያዘች ምስር ሻጭ አለች።

«ልምድ?» አለችኝ። «እናቴ ከእኔ በፊት የወለደቻቸውን በሙሉ ቀብራለች። እኔ ስወለድ አቅፋኝ ስንቱን አየሁ ብላ አለቀሰች። ልጅሽን ልምድ አይደለም በያት።»

ነገርኳት። ልጄም «እሺ፣ ይሄንንም ተይው» አለች።

ትርንጎ የሚለውን ስልኩ ከባሕር ማዶ የመጣ ስም ነው ብሎ፣ የንጉሥ ልጅ ማለት ነው ብሎ ነበር። ይህን ለሙስሊሟ ጎረቤቴ ነገርኳቸው። እሳቸው የግቢያችን ትልቅ ሰው ናቸው፤ አጥሩን ያጠርነው አንድ ላይ ነው፣ ባሌ ሲያርፍም እንባዬን የጠረጉት እሳቸው ናቸው። እስኪያስላቸው ድረስ ሳቁ።

«ወላሂ ይሄ ስልክ ጓሮ ወርዶ አያውቅም!» አሉ። «ትርንጎ እኮ ፍሬ ናት! ሎሚ የምታክል፣ አይደለም፣ ከሎሚ የምትበልጥ። መልኳ ቢያምር፣ ሽታዋ ቢያውድ ለሴት ልጅ ወጣ። ምን ንጉሥ አለበት?»

«ይህንኑ ልንገራት፣ እትዬ?»

«ንገሪያት። ስልኩንም ወደ እኔ ይላክልኝ በያት፣ ላስተምረው።»

እንዲህ እንዲህ እያልን ወራት ሄዱ። ልጄ ስም በላከች ቁጥር ድምጿን እሰማለሁ። ከዚያ በፊት የምትደውለው በበዓል ነበር። አሁን ግን በሳምንቱ መሐል ሳላስበው ስልኬ ይንጫረራል። የምታወራው ስለ ስም ብቻ ነው፣ ስለ ሌላው ስጠይቃት ደህና ነኝ ትላለች። ውኃ የሚመጣው በተራ ነው አለችኝ አንድ ቀን፣ ያንንም ያለችው አምልጧት ነው። አንድ ጊዜ ደግሞ ሳቀችብኝ።

«እማ፣ እኔ የምልሽ ትርጉሙን ነው። አንቺ ሰው ሁሉ ያለቀሰውን ነው የምትነግሪኝ።»

«ትርጉሙ እሱ ነው ልጄ» አልኳት።

ይህንንም እያልኩ አንድ ጥያቄ እጠብቃለሁ። አንቺስ፣ ማን ብትባል ደስ ይልሻል? እንድትለኝ እጠብቃለሁ። ያሰብኩት ስም ነበረኝ፣ እዚህ አልጽፈውም። ካልጠየቀችኝ አልናገርም ብዬ ወሰንኩ። የአባቷ ወገኖች ስም የሚያወጡላት መሰለኝ። ወይም እዚያ አገር እንዲህ ያለ ነገር የቀረ መሰለኝ። አንዳንድ ቀን ጉልቱ ላይ ቁጭ ብዬ የሰው ስም ስጠይቅ እውላለሁ፣ ማታ ቤቴ ስገባ ግን ስሜን የሚጠራ ሰው የለም።

ከዚያ ልጄ መውለጃዋ ሲቃረብ ይህን ላከችልኝ፦

«እማ፣ አሁን አገኘሁት። ይሄን ስልኩ አይደለም የሰጠኝ፣ ራሴ ነኝ ያመጣሁት። እናትነሽ። ባሌም ወዶታል። ትርጉሙ ግልጽ ነው አይደል? በአንቺ ነው ያወጣሁት። ግን እንደ ሌሎቹ አጣሪልኝ።»

መጀመሪያ ደስ አለኝ። ከበርበሬው ማዳበሪያ ላይ ተነሥቼ ቆምኩ። ሽንኩርት የምትገዛኝ ሴት «ምን አገኘሽ?» አለችኝ። ትንሽ ቆይቶ ግን ተመልሼ ተቀመጥኩ። ምክንያቱም ይህን ስም የያዙ ሰዎች አውቃለሁ፣ ለምን እንደወጣላቸውም የማውቅ መሰለኝ። ግን መሰለኝ ብዬ አልነግራትም። እንደ ሌሎቹ አጣሪልኝ ብላለች።

ከጎኔ ቅቤ የምትሸጠው ሴት ስሟ ይኸው ነው። ደጎሎ ተወልዳ እዚህ ያገባች ናት። ስንት ጊዜ ስሟን ስጠራ ኖሬ ጠይቄያት አላውቅም።

«ስምሽን ማን ነው ያወጣልሽ?» አልኳት።

«ዛሬ ደግሞ የእኔ ተራ ደረሰ?» ብላ ሳቀች። ስም እንደምጠይቅ ጉልቱ ሁሉ ያውቃል። «አባቴ ነው።»

«ለምን?»

«እናቱን ቀብሮ ሲመለስ እናቴ ምጥ ላይ ናት። ድንኳኑ ሳይነቀል ነው የመጣሁት። እንግዳው ለቀብር የተቀቀለውን ንፍሮ እየበላ ነው እንኳን ማርያም ማረችሽ ያለው። አባቴ ታቀፈኝና እንግዲህ እናቴ አንቺ ነሽ አለ። አለቀ። እስኪሞት ድረስ አንድ ቀን ተቆጥቶኝ አያውቅም። እናቱን ማን ይቆጣል?»

«እናቱ በሕይወት ያለች ሰው አያወጣውም?»

«እናቱ ካለችማ እሷኑ እናቴ ይበላት! ሌላ ምን ያስፈልገዋል?» ቅቤውን በቅጠል እየጠቀለለች ቀና ብላ አየችኝ። «ማን ሊያወጣው ነው?»

«ልጄ።»

እጇ ቆመ። «ልጅሽ? አንቺ እዚህ ቁጭ ብለሽ እየሸጥሽ?» ክንዴን ያዝ አድርጋ ቆነጠጠችኝ። «አለሽ እኮ! ሰውነትሽ ይሞቃል! ወይስ ለቅሶሽን ሳልደርስ ቀረሁ?»

ልስቅ ፈልጌ አልሆነልኝም። ፊቴን ስታይ ድምጿን ዝቅ አደረገች።

«ቀልዴን ነው እቴ። ስሜ ደግ ስም ነው። ግን ንገሪያት። አገር ቤት የሰማ ሁሉ ነፍስ ይማር ነው የሚልሽ።»

እኔ የፈራሁት ሰው የሚለውን ብቻ አልነበረም። ልጄን ሳላያት እንዳልሞት ነው የፈራሁት። ስም ሰው አይገድልም፤ ይህን አውቃለሁ፤ የነፍስ አባቴም ብጠይቃቸው ይህንኑ ነው የሚሉኝ። ግን ከልጄ አፍ፣ በየቀኑ፣ ልጇን በጠራች ቁጥር፣ እኔ የሌለሁ ሆኜ ልጠራ ነው። ያን እያሰብኩ መብላት አቃተኝ። ጎረቤቴ ምሳዬን አጥሩ ላይ አስቀምጬው እንደሄድኩ አይተው መጡ።

«አትንገሪያት» አሉኝ ሁሉንም ከሰሙ በኋላ። «ልጂቱ በፍቅር ያወጣችውን ስም አንቺ ለቅሶ ልታደርጊባት? አብሽሪ፣ ዕድሜ የአላህ ነው። እሺ በያት፣ ይለፍ።»

«ልክ ነው ወይ ብላ ነው የጠየቀችኝ፣ እትዬ። ለሌሎቹ ሁሉ እውነቱን ነግሬያታለሁ።»

«ሌሎቹ አንቺን አይነኩማ።»

እውነታቸውን ነው። ግን እኔን ስለሚነካ ብደብቃት፣ ከዚያ በፊት ያጣራሁት ሁሉ ምን ነበር? በማግስቱ ጠዋት ጉልት ከመውጣቴ በፊት ስልኬን አፌ አጠገብ አድርጌ ድምፄን ቀዳሁ። ሰማሁትና አጠፋሁት፣ ድምፄ የሚያለቅስ ሰው ድምፅ ነበር። ደግሜ ቀዳሁ። የላክሁት ይህንን ነው፦

«ልጄ፣ ስሙን አጣርቻለሁ። ቃሉ እንዳልሽው ነው፣ እናት ነሽ ማለት ነው። በእኛ አገር ግን የሚያወጣው እናቱ የሌለችው ሰው ነው። እናቱ ከሞተች በኋላ ለተወለደችለት ልጅ ነው የሚያወጣው። የጠየቅሁት ሰው ራሷ ስሙን የያዘች ናት። አንቺ እንዳሻሽ አድርጊ። እኔ አልተቀየምኩም።»

መልስ አልመጣም። ኔትወርክ እንዳለ ሌላ ሰው አስደውዬ አረጋገጥሁ። ቀናት አለፉ። ከቤቴ በላይ ያለውን ዳገት ወጥቼ ስልኬን ከፍ አድርጌ እቆማለሁ፣ ነፋሱ ነጠላዬን ይገፍፈኛል፣ ወርጄ እሸጣለሁ፣ ደግሞ እወጣለሁ። አስቀየምኳት አልኩ። ከዚያ ደግሞ ታምማ ይሆን አልኩ። ከዚያ የማልጽፈውን ሁሉ አሰብኩ።

አንድ ቀን ከቀትር በኋላ ደወለች። ገበያው ቀዝቅዞ ነበር።

«እማ።»

«ወዬ ሆዴ! ምነው? ምን ሆነሽ ነው?»

«ወለድኩ።»

«እንኳን ማርያም ማረችሽ!» ብዬ ጮህሁ። ቅቤ ሻጯ ከመቀመጫዋ ተነሥታ እልል አለች፤ ልጄም በስልክ ሰማቻት፤ ሳቅ ይሁን ልቅሶ ያልለየሁት ድምፅ አሰማች።

«ማን ነበረ አብሮሽ?»

«ባሌ ሥራ ላይ ነበር። እስኪደርስ ወልጄ ጠበቅሁት። ከታች ክፍል የምትኖር አንዲት የሲሪላንካ ሴት አለች፣ እጄን የያዘችኝ እሷ ናት። ደግ ሴት ናት። ግን ቋንቋ የለንም። እኔ በአማርኛ አለቅሳለሁ፣ እሷ በቋንቋዋ ታባብለኛለች።»

ወገቧን ማን ደገፋት ልላት ነበር፣ ተውኩት።

«መልእክትሽን የሰማሁት ልጅቷን ደረቴ ላይ አድርጌ ነው» አለች። «እማ፣ ይሄ ስም እናት የሌለው ሰው የሚያወጣው ነው አልሽኝ አይደል?»

«በእኛ አገር እንደዚያ ነው ልጄ።»

«ታዲያ እኔ እንዴት የወለድኩ ይመስልሻል?»

በቁጣ አልነበረም የተናገረችው። ደክሟት ነበር።

«እንዳለሽ አውቃለሁ» አለች። «ዕድሜሽን ያርዝመው። ግን እዚህ የለሽም። ስጠራሽ የለሽም። ሌሊቱን ሙሉ ስጠራሽ ነው ያደርኩት፣ ሴትዮዋ የሰው ስም መሆኑ ገብቷት በር በሩን ታያለች። ከዚያ ልጅቷን ሰጡኝ። ፊቷን ሳይ ከአፌ የወጣው ያው ስም ነው። ልክ ካልሆነ ንገሪኝ፣ እለውጠዋለሁ። አጣሪልኝ ብዬሽ የለ?»

ጉልቱ ላይ ያለውን ሽንኩርት መደርደር ጀመርኩ። የቅቤ ሻጯን አባት አሰብኩት፤ ከቀብር ገብቶ ሕፃን ያቀፈውን። ልጄንም አሰብኳት። እሱ እናቱን ቀብሮ ነበር፣ ልጄ ግን የቀበረችው የለም። ሁለቱም በዚያች ሰዓት ዘወር ሲሉ እናታቸውን አላገኟትም። ምስር ሻጯ የነገረችኝን፣ ሌሎቹም የነገሩኝን አሰብኩ። ሁሉም የነገሩኝ ሲወለዱ ቤቱ ውስጥ የነበረውን ነገር ነው።

«እማ? አለሽ?»

«አለሁ።»

«ልክ ነው ወይስ አይደለም?»

«ልክ ነው» አልኳት።

«እኔን ደስ እንዲለኝ ብለሽ ነው?»

«አይደለም። አጣርቻለሁ። ልክ ነው።»

ተነፈሰች። ልጅቷ ከጎኗ ስትነጫነጭ ሰማሁ፣ የመጀመሪያ ድምፅዋ ለእኔ ያ ነው። ከዚያ ልጄ እንደ ድሮዋ በልጅ ድምፅ «እማ፣ ገንፎ አማረኝ» አለችኝ። ስልኩ ተቋረጠ።

በማግስቱ ጉልት አልወጣሁም። ገንፎ አገነፋሁ። አራስ በሌለችበት ቤት ገንፎ ይገነፋል ወይ ብዬ አልጠየቅሁም፤ ልጄ ወልዳለች፣ ሴቶቹም እንኳን ደስ ያለሽ ሊሉ እንደሚመጡ አውቃለሁ። ጎረቤቴ ቀድመው መጡ፣ የግቢው ሴቶች ተከተሉ። ቅቤ ሻጯ ቅቤ በቅጠል ጠቅልላ ይዛ መጣችና «ዋጋ እንዳታነሺብኝ፣ ለሞክሼዬ ነው» አለችኝ። ሌሎቹ ሞክሼዬ ያለችውን ሰምተው እርስ በርሳቸው ተያዩ።

«ማን አለቻት?» አለች አንዷ፣ የሰማችውን እንዳልሰማች ሆና።

«እናትነሽ።»

ማንኪያቸውን የያዙ ያዙት፣ ያላነሡ አላነሡም። ጎረቤቴ «ያ ረቢ፣ ዕድሜዋን አርዝምልን» አሉ ወደ ጣሪያው ቀና ብለው፤ ለእኔ መሆኑ ነው።

«ለምን?» አለች ያችው ሴት። «አንቺ እያለሽ?»

ስም ለምን እንደወጣ ሰው ሲጠይቀኝ ያ የመጀመሪያዬ ነበር። ሁልጊዜ ጠያቂዋ እኔ ነበርኩ።

«ስትወልድ እናቷ አጠገቧ አልነበረችም» አልኩ። «ለዚያ ነው የወጣላት።»

ቅቤ ሻጯ የገንፎውን መሐል ጎድጎድ አድርጋ ቅቤ ጨመረችበትና «ብሉ እንጂ፣ ምን ትጠብቃላችሁ» አለች። በሉ፣ ማርያም ማርያም አሉ፣ መረቁ፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ ወደየቤታቸው ሄዱ። ጎረቤቴ ላድርልሽ ወይ አሉኝ፣ አይ እትዬ አልኳቸው።

የአራስ ድርሻ አስቀድሞ ይወጣል። እኔም ገና ሴቶቹ ሳይቀርቡ አውጥቼ፣ ከድኜ፣ አልጋው አጠገብ አስቀምጬው ነበር። ክዳኑን ሳነሣው ቅቤው መርጋት ጀምሯል። ገንፎ ከቀዘቀዘ አይበላም። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጥኩና በላሁት።